ማክሰኞ ማታ የሚልተን በርል ነበር

አሜሪካዊው ቀልደኛ ሚልተን በርል በ1948 ቴሌቪዥን ላይ ሲወጣ 40 ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀርቶት ነበር። መድረክ ላይ ግን 35 ዓመት ኖሯል። ያሳደገው ቮድቪል ነው። ቮድቪል ማለት ዘፋኙ፣ አክሮባቱ፣ ቀልደኛውና አስማተኛው በአንድ ምሽት ተራ በተራ የሚወጡበት የአሜሪካ ኅብረ ትርዒት ነው። በ1948 ያ ዓለም ከከሰመ ቆይቷል። በርል ራዲዮ ላይ ደጋግሞ ሞክሮ አልሆነለትም። ፊልም ላይም ብቅ ጥልቅ ከማለት አላለፈም። በናይት ክለብ ጥሩ ይከፈለዋል፣ በቃ።

ከዚያ በጥቂት ወራት ውስጥ አሜሪካ ውስጥ ቴሌቪዥን ያለው ቤተሰብ አብዛኛው ማክሰኞ ማታ እሱን ማየት ያዘ። "ሚስተር ቴሌቪዥን" የሚል ስም ወጣለት። በስምንት ዓመቱ ደግሞ ፕሮግራሙ ተዘጋ። (ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው፤ ሰዓቱ ግን በእኛ።)

እንዴት እንዲህ በፍጥነት ወጣ? ለምንስ ወረደ? ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ "ቀድሞ ስለደረሰ" የሚል ነው። ግን ይሄ አያስኬድም። ሌላው የኅብረ ትርዒት አቅራቢ ኤድ ሰሊቫን ሲቢኤስ በተባለው ኔትወርክ ፕሮግራሙን የጀመረው ከበርል የመጀመሪያ ስርጭት 12 ቀን በኋላ ነው። እሱ እስከ 1971 ዘለቀ። "ችሎታው አለቀ" የሚሉም አሉ። 35 ዓመት ያላለቀ ችሎታ በአራት ዓመት አያልቅም። እኔ እንደሚመስለኝ በርልን ያወጣውም ያወረደውም አንድ ነገር ነው፤ ቴሌቪዥኑ በየትኛው ከተማ፣ በማን ቤት ይገኝ እንደነበር።

የመድረክ ልጅ

የቤተሰቡ ስም በርሊንገር ነበር። ጁላይ 12 ቀን 1908 ኒውዮርክ ተወለደ። አባቱ ቀለም ሻጭ ነበር፤ ቤቱ ገንዘብ በርክቶለት አያውቅም። የቤቱ ምሰሶ እናቱ ናት። ሳራ ትባላለች፤ በኋላ ስሟን ሳንድራ አለችው። በትልልቅ መደብሮች ውስጥ ደንበኛ መስላ እየተዘዋወረች ሌባ ትይዝ ነበር። ሚልተን በ5 ዓመቱ ቻርሊ ቻፕሊንን አስመስሎ ውድድር አሸነፈ። ከዚያ ወዲህ ልጇን ይዛ መዞር ዋና ሥራዋ ሆነ። ባቡር፣ ሆቴል፣ ቲያትር ቤት።

እሱ መድረክ ላይ ሲወጣ እሷ ተመልካቹ መሃል ትቀመጣለች። ቀልዱ ገና ከአፉ ሲወጣ ቀድማ፣ ጮክ ብላ ትስቃለች። ሳቅ ይጋባል፤ አዳራሹም ይከተላታል። በቴሌቪዥኑ ዘመንም ይህን ሥራዋን አልተወችም። ዛሬ ጣቢያዎች በማሽን የሚጨምሩትን ሳቅ ያኔ አንዲት እናት በነጻ ትሠራው ነበር።

ቮድቪል የራሱ ሥርዓት ነበረው። በአንድ ፕሮግራም ስምንት ወይ ዘጠኝ ትርዒት ይቀርባል። መጀመሪያ የሚወጣው አክሮባት ወይም የሠለጠነ ውሻ ነው። ሰዉ ገና ወንበሩን እየፈለገ ስለሆነ የሚናገር ሰው ቢወጣም አይሰማም። ዋናው ኮከብ የሚወጣው ከመጨረሻው በፊት ባለው ቦታ ነው። የመጨረሻው ትርዒት ሰዉ ኮቱን እየለበሰ የሚወጣበት ስለሆነ ማንም አይፈልገውም። ከኋላ ትልልቁ ዕቃ ሲቀየር ደግሞ አንድ ኮሜዲያን ከመጋረጃው ፊት ብቻውን ቆሞ ሰዉን ያጫውታል። ይህን የመጋረጃ ሥራ ያዙልኝ።

በርል ስም ያወጣው እዚህ ቦታ ላይ ነው። መድረክ መሪ ሆኖ ትርዒቱን ያስተዋውቃል። አስተዋውቆ ግን ዞር አይልም። አክሮባቶቹ መሃል ይገባል። ከዘፋኟ ጋር ይዘፍናል። ይወድቃል፣ ይረገጣል፣ ፊት ወንበር ላይ ከተቀመጠ ሰው ጋር ይናከሳል። በ1930ዎቹ መጀመሪያ የቮድቪል ቁንጮ በሆነው በኒውዮርኩ ፓላስ ቲያትር ሳይቀር በዚህ ስልት ሠርቷል። ጊዜው ግን መሽቷል። ድምፅ ያለው ፊልም መጥቷል፣ ራዲዮ ቤት ገብቷል፣ ኢኮኖሚው ወድቋል። ፓላስ ራሱ በ1932 ወደ ፊልም ዞረ።

በርል ሌላም ስም ነበረው። የጋዜጣ ዓምደኛው ዋልተር ዊንቸል "የቀልድ ሌባ" ብሎታል። የሌባ ያዥዋ ልጅ! በርል ግን አልተቀየመም፤ ስሙን ራሱን ቀልድ አደረገው። ከእሱ በፊት የወጣውን ኮሜዲያን እያደነቀ፣ ከሳቄ ብዛት እስክሪብቶና ወረቀቴ ከእጄ ወደቀ ይል ነበር።

ስርቆቱ ያን ያህል ያናደደው ለምንድነው? በቮድቪል አንድ የ12 ደቂቃ ቀልድ ለዓመታት ያበላል። በዚህ ሳምንት ቺካጎ፣ በሚቀጥለው ክሊቭላንድ፣ ከዚያ ፒትስበርግ። የቺካጎው ሰው የሳቀበትን የክሊቭላንዱ ገና አልሰማውም። ስለዚህ ቀልድ ንብረት ነው፤ እንደ ቤት የሚያከራዩት። ቴሌቪዥን ይህን ንብረት በአንድ ማታ ይጨርሰዋል። በርልን ግን ይህ የሌሎቹን ያህል አላስፈራውም። በካርድ እየመዘገበ ያከማቸው የቀልድ ክምችት ለጉድ ነበር፤ የማን እንደሆነ አንጠይቀው እንጂ።

ራዲዮ ላይ ከ1930ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ አንዱን ፕሮግራም ሲይዝ ሌላውን ሲለቅ ኖሯል። የመጨረሻዎቹን እስከ 1949 ሞክሯል። አንዱም ትልቅ ስኬት አልሆነም። ምክንያቱ ግልጽ ነው። በርል የሚያስቀው በሚናገረው ብቻ አልነበረም። ጥርሱ፣ አካሄዱ፣ የለበሰው ቀሚስ፣ አወዳደቁ ነው የሚያስቀው። ራዲዮ ይህን ሁሉ ነጥቆት ቃሉን ብቻ ያስቀርለታል። ቃሉን ደግሞ ሰዉ ከሌላ ሰው ሰምቶት ነበር።

ከጁን እስከ ሴፕቴምበር

የነዳጅ ኩባንያው ቴክሳኮ "ቴክሳኮ ስታር ቲያትር" የሚል ፕሮግራም በራዲዮ ለዓመታት ሲያስተላልፍ ቆይቷል። በ1948 ስሙን ወደ ቴሌቪዥን አመጣው። ጣቢያው ኤንቢሲ፣ ቀኑ ማክሰኞ፣ ሰዓቱ ከምሽቱ 2 እስከ 3። ጁን 8 የመጀመሪያው ቀረበ፤ አቅራቢው በርል ነበር። ዘፋኟ ፐርል ቤይሊና በእጁ አሻንጉሊት እየሠራ የሚያናግረው ሴኞር ዌንሴስ ከእንግዶቹ መካከል ነበሩ። የቮድቪል ፕሮግራም ማለት ነው፣ ካሜራ የተጨመረበት።

በርል ግን ቋሚ አልነበረም። በቀጣዮቹ ሳምንታት ሄኒ ያንግማን፣ ሞሪ አምስተርዳም፣ ጃክ ካርተርና ሌሎችም እየተፈራረቁ አቀረቡ። ሁሉም ቀልደኞች ናቸው፤ ሁሉም የመድረክ ሰዎች ናቸው። ተፈተኑ ማለት ይቻላል። ሴፕቴምበር 21 ቀን በርል ቋሚ አቅራቢ ሆኖ ተመለሰ።

ለምን እሱ? ስቱዲዮውን ማየት ይበቃል። ፕሮግራሙ የሚተላለፈው ሮክፌለር ሴንተር ውስጥ ካለው ስቱዲዮ 6ቢ ነው። ለራዲዮ ተሠርቶ ለቴሌቪዥን የተለወጠ ክፍል ነው። የቪዲዮ ቴፕ ገና የለም፤ ሁሉም ነገር በቀጥታ ይሄዳል። አንድ ሙሉ ሰዓት፣ ተመልካች ፊት፣ ያለ ማረሚያ። አንድ ድራማዊ ቀልድ አልቆ ሌላው እስኪጀምር ሠራተኞች ከኋላ ሶፋ ይጎትታሉ፣ ግድግዳ ያቆማሉ፣ ዘፋኟ ልብስ ትቀይራለች። ያንን ሁለት ሦስት ደቂቃ ማን ይሙላው? አሁን ያ መጋረጃ መጣ። በርል ከፊቱ ይወጣል፣ ካሜራው እሱ ላይ ይሆናል፣ ከጀርባው ዕቃ ይንኳኳል። ዕቃ ቢወድቅ በወደቀው ዕቃ ይቀልዳል። ሰዉ ካልሳቀ፣ ባለመሳቁ ይቀልድበታል። ወረቀት ይዘው ማይክ ፊት ቆመው ያነቡ የነበሩት የራዲዮ ኮከቦች ይህ ልምድ አልነበራቸውም። በርል ሌላ ነገር አያውቅም።

ስክሪኑም ወግኖለታል። ከጦርነቱ በኋላ ገበያውን የከፈተው የአርሲኤ ቴሌቪዥን ስክሪኑ 10 ኢንች ነው፤ ዋጋው ከ350 ዶላር በላይ። ምስሉ ግራጫና ብዥ ያለ ነው። በእንዲህ ያለ ስክሪን ላይ ስውር የፊት ገጽታ አይታይም። ትልቅ ጥርስ፣ ትልቅ ባርኔጣ፣ ከቀሚስ ሥር የሚታይ የወንድ ባት ግን ይታያል። በርል የብራዚሏን ዘፋኝ ካርመን ሚራንዳን ሆኖ በፍራፍሬ ባርኔጣ ሲወጣ፣ ክፍሉ ጥግ ላይ የተቀመጠ ሰውም ያየዋል።

አከፋፈቱም ይታወሳል። የማደያ ሠራተኛ ዩኒፎርም የለበሱ አራት ወንዶች የቴክሳኮን ዘፈን ይዘፍናሉ፤ በርል ጉድ የሚያሰኝ ልብስ ለብሶ ይወጣል። ማስታወቂያውን ሳይቀር ሲድ ስቶን የሚባል ሰው የጎዳና ነጋዴ ሆኖ፣ ዕቃውን ዘርግቶ እየለፈፈ ያቀርበው ነበር። ከሁሉም የወደድኩት የ"ሜካፕ" ቀልዱን ነው። በጨዋታው መሃል አንድ ሰው ቃሏን አምልጧት ወይም አምልጦት ይጠራታል። ወዲያው አንድ ሰው ከጎን እየሮጠ ይመጣና ትራስ በሚያክል የፓውደር መቀቢያ በርልን ፊቱ ላይ ያላጋዋል። ዱቄቱ ይቦናል። ሰዉ ቃሏ የምትመጣበትን ሰከንድ ያውቃል፤ በርልም ያውቃል፤ ሁሌም እንደ አዲስ ይመታል። ቴሌቪዥን ቀልድ ይበላል ስንል፣ እንዲህ ያለው ድግግሞሽ ግን አልተበላም።

ልምምድ ላይ በርል ሌላ ሰው ነበር። ፎጣ አንገቱ ላይ፣ ፊሽካ ደረቱ ላይ። መብራቱን እሱ ያዛል፣ ካሜራውን እሱ ያዛል፣ የእንግዳውን ቀልድ እሱ ያርማል። አብረውት የሠሩ ብዙዎች በዚህ ጸባዩ ተማረዋል፤ አልፈርድባቸውም። ግን እውነቱን ለመናገር፣ በ1948 የአንድ ሰዓት የቀጥታ ኅብረ ትርዒት በቴሌቪዥን እንዴት እንደሚሠራ የሚያውቅ ሰው አልነበረም። በመድረክ እንዴት እንደሚሠራ የሚያውቅ ግን ነበር፤ ፊሽካውም እሱ ዘንድ ነው።

ከተማው ሁሉ ቤቱ

በመጀመሪያው ወቅት ቴሌቪዥን ካላቸው ቤቶች እስከ 80 ከመቶው በዚያ ሰዓት እሱን ያዩ እንደነበር ይጠቀሳል። ምግብ ቤቶች ማክሰኞ ማታ ገበያ ይጠፋባቸዋል። ዲትሮይት ውስጥ ልክ ከምሽቱ 3 ሰዓት ሲሆን የውሃ ማጠራቀሚያው ድንገት ይቀንስ ነበር፣ ሰዉ ሽንት ቤት ለመሄድ ፕሮግራሙ እስኪያልቅ ስለሚጠብቅ ነው ይባላል። እውነት ይሁን ተረት፣ አሜሪካኖች እስካሁን ይተርኩታል። ሜይ 16 ቀን 1949 በአንድ ሳምንት የታይምም የኒውስዊክም መጽሔት የፊት ገጽ እሱ ሆነ።

አንድ ማታ ፕሮግራሙ አልቆ ጥቂት ሰከንድ ተረፈው። የሚለው ሲያጣ ለልጆች፣ የአጎታችሁን የሚልቲን ምክር ስሙና ግቡ ተኙ አለ። በማግስቱ መንገድ ላይ "አጎት ሚልቲ!" ብለው የሚጠሩት ብዙ ሆኑ። ስሙም በዚያው ጸና።

ቲቪ የሌለው ሰው የግድ ቲቪ ያለው ጎረቤት ቤት ይሄዳል፤ ይህን ለእኛ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም። እዚያ ደግሞ መጠጥ ቤቶችም ገዝተው ነበር፣ ማክሰኞ ማታ ግጥም ይላሉ። የቲቪ ነጋዴዎች በርልን ቢያመሰግኑ ተገቢ ነው። ባልደረቦቹ ግን ይህንንም ወደ ቀልድ አዞሩት። በበርል ምክንያት ስንት ቲቪ ተሸጠ መሰላችሁ፣ እኔ የኔን ሸጥኩ፣ ወንድሜም የሱን ሸጠ እያሉ።

ኤፕሪል 1949 ላይ ለካንሰር ምርምር ገንዘብ ለማሰባሰብ 16 ሰዓት በቀጥታ ቆመ። ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተሰበሰበ። በቴሌቪዥን እንዲህ ያለ ረጅም የገንዘብ ማሰባሰቢያ ሲደረግ የመጀመሪያው እንደሆነ ይታመናል። ጉልበቱን ማሳያም ነው፤ ለቮድቪል ሰው ቀኑን ሙሉ መድረክ ላይ መዋል ብርቅ አይደለም።

ጉልበቱን ለሌላም ተጠቅሞበታል። በራሱ የሕይወት ታሪክ እንደተረከው፣ ፎር ስቴፕ ብራዘርስ የተባሉ ጥቁር ዳንሰኞችን ሲጋብዝ የስፖንሰሩ ወገን አልፈቀደም። እነሱ ካልወጡ እኔም አልወጣም አለ። ስርጭቱ ሊጀምር 10 ደቂቃ ሲቀረው ፈቃዱ መጣ። ያኔ አንድ ስፖንሰር ፕሮግራሙን ጠቅልሎ ይይዝ ስለነበር ማን ይውጣ ማን አይውጣ የሚለው ላይ ያለው ሥልጣን ከባድ ነበር። በርልን ግን ማክሰኞ ማታ የሚነካው አልነበረም።

ካርታው

ወደ ዋናው ነገር እንምጣ።

በርል ሲጀምር አሜሪካ ውስጥ የነበረው ቴሌቪዥን ግማሽ ሚሊዮን ገደማ ነው። አብዛኛው ኒውዮርክና አካባቢዋ ባሉ የምሥራቅ ከተሞች ነበር። በርል ቋሚ በሆነ ማግስት ማለት ይቻላል፣ ሴፕቴምበር 1948 መጨረሻ፣ የአሜሪካ ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን (ኤፍሲሲ) አዲስ የጣቢያ ፈቃድ መስጠት አቆመ። የጣቢያዎች ሞገድ እርስ በርሱ እየተጋጨ ስላስቸገረ፣ ድልድሉ እስኪጠና ድረስ ነው። ጥናቱ ለጥቂት ወራት ተብሎ እስከ ኤፕሪል 1952 ተጎተተ። በዚያ ሁሉ ጊዜ ቀድሞ ፈቃድ ያገኙት 108 ጣቢያዎች ብቻ ሠሩ። ትልልቅ ከተሞች አላቸው። ብዙ ትንንሽ ከተሞችና የደቡብ ክፍሎች ምንም የላቸውም። አንድ ጣቢያ ብቻ ያለው ከተማ ተመልካች ደግሞ ሊቀይር ቢፈልግ የሚቀይርበት የለም።

መስመሩም ገና ነበር። ምሥራቁንና መካከለኛውን ምዕራብ የሚያገናኘው ኬብል የተቀጠለው ጃንዋሪ 1949 ነው። አገሩ ከዳር እስከ ዳር የተያያዘው ደግሞ ሴፕቴምበር 1951። እስከዚያ ድረስ ኬብሉ ላልደረሰበት ከተማ የሚላከው ኪኒስኮፕ ነው፤ የፊልም ካሜራ ስክሪን ፊት ተደርጎ የሚቀዳ ቅጂ። የደበዘዘ ነው፣ ዘግይቶም ይደርሳል።

እንግዲህ የ1949 ተመልካች ማን ነው? በርል ዕድሜውን ሙሉ ሲያስቀው የኖረው ሰው። ከተሜ ነው። መጠጥ ቤትና ናይት ክለብ ያውቃል። የብሩክሊን ሰፈር ስም ሲጠራ ይስቃል፣ የአይሁድ ቤት ቃል ጣል ሲደረግለት ይገባዋል። ቮድቪልን ራሱ በልጅነቱ አይቶታል። ቴሌቪዥን ለበርል ብሔራዊ መድረክ ተባለ እንጂ፣ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የድሮው የኒውዮርክ አዳራሽ ተለቅ ብሎ ነው።

ከዚያ ካርታው ተከፈተ። ቁጥሩን ልብ ብላችሁ እዩት። በ1950/51 ወቅት ፕሮግራሙ 61.6 ሬቲንግ ይዞ ከአገሩ አንደኛ ነበር፤ ይህም ቲቪ ካላቸው 100 ቤቶች ወደ 62ቱ ማለት ነው። በቀጣዩ ወቅት 52.0 እና ሁለተኛ። ከዚያ 46.7 እና አምስተኛ። በ1953/54 ወደ 40.2። ቁልቁል ነው። ግን የቲቪ ቤቶቹ ቁጥር በ1951 ወደ 10 ሚሊዮን፣ በ1954 ወደ 26 ሚሊዮን ደርሷል። አባዙት፤ በርል "ወደቀ" በተባለበት ወቅት የሚያየው ቤት "በነገሠበት" ወቅት ከነበረው ይበልጣል! ከ6 ሚሊዮን ትንሽ ያለፈው ወደ 10 ሚሊዮን ወጥቷል።

ታዲያ ለምን ወደቀ ተባለ? አዲስ የመጡት ቤቶች የሱ ስላልሆኑ ነው። ኦክቶበር 1951 ላይ "አይ ላቭ ሉሲ" በሲቢኤስ ጀመረ። በሦስት የፊልም ካሜራ እየተቀረጸ፣ ተቆርጦ ተቀጥሎ የሚቀርብ የባልና ሚስት ኮሜዲ ነው። ሉሲ ማናት? ሳሎን ውስጥ ያለች ሚስት። ይህን ለመረዳት ቮድቪል ማወቅ አያስፈልግም። በ1952/53 67.3 ይዞ አንደኛ ሆነ፤ በርል ከደረሰበት ጣሪያ በላይ፣ በሚበልጥ የቤት ብዛት ላይ። ስፖንሰር የሚያየው ይህን ነው። የስርጭት ወጪውም ከጣቢያው ብዛት ጋር አብሮ ይጨምራል፤ ለአንድ ተመልካች ስንት አወጣሁ ብሎ ያሰላል።

በራሱ ሰዓት ላይም ያልተጠበቀ ተፎካካሪ መጣበት። ፌብሩዋሪ 1952 ዱሞንት የተባለው ትንሽ ኔትወርክ ማክሰኞ ከምሽቱ 2 ሰዓት ላይ አንድ የካቶሊክ ጳጳስ አቀረበ። ፉልተን ሺን፣ ካባ ለብሶ፣ ጥቁር ሰሌዳ ይዞ። ዘፈን የለ፣ ዳንስ የለ። ከበርል ፊት ማንም ስለማይቆም ይሄን ሰዓት ለጳጳሱ መስጠት ኪሳራ የለውም ተብሎ ይሆናል። ሰዉ ግን አየው። ጳጳሱ ኤሚ የተባለውን የቴሌቪዥን ሽልማት ሲቀበል ጸሐፊዎቼን ማቴዎስን፣ ማርቆስን፣ ሉቃስንና ዮሐንስን አመሰግናለሁ አለ። የቀልድ ጸሐፊ ችግር ለነበረበት ለበርል ይህች ምን ያህል እንደተሰማችው እንጃ።

ከኤድ ሰሊቫን ጋር ያለው ልዩነትም እዚህ ጋ ይታያል። ሰሊቫን የጋዜጣ ሰው ነው፤ አይዘፍንም፣ አያስቅም፣ ቆሞ ሌላውን ያስተዋውቃል። ዘመኑ ሲለወጥ እንግዳውን ይለውጣል። በርል ግን እያንዳንዱ ትርዒት ውስጥ አለ። እሱ ከሰለቸ ሁሉም ሰለቸ።

ጥገናው

ችግሩን አላየም አይባልም። በ1952 ጉድማን ኤስ የተባለውን የራዲዮ ጸሐፊ አስመጡ። ኤስ ትልቅ ጸሐፊ ነው። ኅብረ ትርዒቱን ወደ ታሪክ ለወጠው፤ በርል ራሱን ሆኖ፣ ፕሮግራም ለማዘጋጀት የሚንገላታ አቅራቢ ሆኖ ይተውናል። ሩት ጊልበርት ማክስ የምትባል የቢሮ ጸሐፊው ሆና ተወነች። ቀድሞ ሁሉን የሚያጠቃው በርል አሁን የሚጠቃ ሆነ። ቀሚሱም ውድቀቱም ቀነሰ። ተቺዎች ወደዱት። እኔም ሥራው በሳል እንደነበር አምናለሁ። ግን ሬቲንጉን አልመለሰውም። የድሮው ተመልካች የሚፈልገው ያንን ዱቄት ነው፤ አዲሱ ደግሞ ታሪክ ከፈለገ ሉሲ አለችለት።

ቴክሳኮ በ1953 ወጣ፤ ቢዊክ መኪና ገባ። በ1955 ቢዊክም ትቶ ወደ ጃኪ ግሊሰን ሄደ። የመጨረሻውን ወቅት በርል ከካሊፎርኒያ፣ በቀለም ሠራ። በዚያው ወቅት ሲቢኤስ ማክሰኞ ላይ ፊል ሲልቨርስን አመጣበት፤ ሳጅን ቢልኮ የሚባል አጭበርባሪ ወታደር ሆኖ የሚተውንበትን ኮሜዲ። ሲልቨርስ ራሱ የመድረክ ልጅ ነው፤ የፕሮግራሙ ፈጣሪ ናት ሃይከን ደግሞ ከጥቂት ዓመት በፊት ለበርል የራዲዮ ፕሮግራም ይጽፍ ነበር። ስለዚህ የመድረክ ቀልድ ሞቶ ነው የሚለው አያስኬድም። ሲልቨርስ ያንኑ ቀልድ የጦር ሰፈር ውስጥ፣ ገጸ ባሕርይ ውስጥ አስገባው፤ ያኔ የገጠሩም ሰው ገባው።

ከመዘጋቱ በፊት አንድ የመጨረሻ ጩኸት ነበር። ኤልቪስ ፕሪስሊ በኤፕሪል 1956 ሳንዲያጎ ላይ ከቆመ የጦር መርከብ፣ ከዚያም ጁን 5 ቀን ከስቱዲዮ በርል ፕሮግራም ላይ ዘፈነ። ሁለተኛው ላይ ጊታሩን ትቶ ወገቡን እያወዛወዘ ዘፈነና አገር ተቃጠለ፤ ጋዜጣው ሁሉ ጮኸ። በርል ጥሩ ትርዒት ሲያይ ያውቃል። ፕሮግራሙ ግን በዚያው ወር አለቀ። በዚያን ጊዜ አሜሪካ ውስጥ የነበረው ቴሌቪዥን ከ30 ሚሊዮን በላይ ነበር።

ውሉ

በዚህ ጉዳይ ውስጥ በጣም የሚገርመኝ ወረቀቱ ነው። በ1951፣ ገና ጫፍ ላይ ሳለ፣ ኤንቢሲ ከበርል ጋር የ30 ዓመት ውል ፈረመ። በዓመት 200,000 ዶላር፣ ለኤንቢሲ ብቻ እንዲሠራ። ዕብደት ይመስላል፤ ግን ምክንያት ነበረው። ከሁለት ሦስት ዓመት በፊት ሲቢኤስ ጃክ ቤኒንና ሌሎች የኤንቢሲ የራዲዮ ኮከቦችን እየነጠቀ ወስዷል። ኤንቢሲ በርልንም እንዳያጣ ሰጋ። ማክሰኞ ማታ ሁሌም እንደ 1949 እንደሚሆን ቆጠረው።

ፕሮግራሙ በ1956 ሲዘጋ የውሉ 25 ዓመት ገደማ ቀርቶታል። ደመወዙ ይከፈላል፤ ሌላ ጣቢያ ግን መሥራት አይችልም። በ1960 ኤንቢሲ "ጃክፖት ቦውሊንግ" ላይ አስቀመጠው፤ ሰዎች ቦውሊንግ ሲጫወቱ መሃል መሃል የሚቀልድ አቅራቢ። አንድ ወቅት አልዘለለም። ድራማ ላይ ሲሞክር ግን አስገረመ፤ "ዶይል አጌንስት ዘ ሃውስ" በተባለው ሥራ ለኤሚ ታጨ።

በ1965 ውሉ ተሻሻለ። ክፍያው በ40 ከመቶ ቀንሶ በዓመት 120,000 ዶላር ሆነ፤ በምትኩ ሌላ ጣቢያ የመሥራት ነጻነት አገኘ። በማግስቱ ዓመት፣ በ1966፣ ኤቢሲ ላይ አርብ ማታ የራሱን ኅብረ ትርዒት ይዞ ተመለሰ። አሁን ቴሌቪዥን በሁሉም ቤት ማለት ይቻላል አለ። ጃንዋሪ 1967 ላይ ተሰረዘ። በርል 58 ዓመቱ ነበር፤ ናይት ክለቦቹ፣ በተለይ ላስ ቬጋስ፣ አሁንም በጥሩ ክፍያ ይጠሩታል፤ ኤንቢሲም የውሉን ገንዘብ መላኩን ቀጠለ።